ድርጅቱ ሲዘጋ ቀድሞ የሚከፈለው ማን ነው? ሠራተኛው ወይስ ባንኩ?

ጥያቄ፦ «ሜክሲኮ አካባቢ ባለ የግል ማተሚያ ቤት ስድስት ዓመት ሠርቻለሁ። በጠቅላላው 38 ሠራተኞች ነን። ደመወዝ ካየን አራት ወር አለፈን። ባለቤቱ ‹ትንሽ ታገሱኝ› ሲሉን ቆይተው አሁን በሩ ተቆልፏል፤ ስልክም አያነሱም። ባለፈው ሳምንት ባንኩ ሕንፃውንና ሁለቱን ትልልቅ ማሽኖች በሐራጅ እንደሚሸጥ ጋዜጣ ላይ አየን። ከመካከላችን አንዱ ‹በሕግ ሠራተኛ ከማንም ይቀድማል፣ አትጨነቁ› ይላል። ሌላው ደግሞ ‹ባንክ የያዘውን ማንም አይነካም፣ እርማችሁን አውጡ› ይላል። ማን ልክ ነው? የክፍል ኃላፊያችን የነበሩትስ ከእኛ ጋር አብረው መክሰስ ይችላሉ?»

ምላሽ፦ ሁለቱም ልክ አይደሉም። ይበልጥ የሚጎዳችሁ ግን የመጀመሪያው ነው። «አትጨነቁ» ያለው ሰው እጃችሁን አጣጥፋችሁ እንድትቀመጡ ያደርጋችኋል። እናንተ ደግሞ የሌላችሁ ነገር ቢኖር ጊዜ ነው።

የጠቀሰው ሕግ በእርግጥ አለ። የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ከሥራ ግንኙነት የሚመነጭ ማንኛውም የሠራተኛ የክፍያ ጥያቄ ከሌሎች ክፍያዎችና ዕዳዎች እንደሚቀድም ይናገራል። ድርጅቱ ሲፈርስ ደግሞ አጣሪው፣ ማለትም ንብረቱንና ዕዳውን እንዲያጣራ የተሾመው ሰው፣ ይህን ክፍያ ሥልጣን ያለው አካል ከወሰነበት ቀን አንሥቶ በ30 ቀን ውስጥ እንዲፈጽም ያዛል። ንብረት ስለሌለ በጊዜው መክፈል ካልተቻለ፣ ንብረት እንደተገኘ ይከፈላል ይላል። ሲያነቡት ደስ ይላል። ችግሩ «ንብረት እንደተገኘ» የምትለዋ ነገር ላይ ነው።

ባንኩም ባዶ እጁን አልመጣም። በ1952 የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በመዝገብ የገባ የማይንቀሳቀስ ንብረት መያዣ ላለው አበዳሪ ከዚያ ንብረት ሽያጭ ከሌሎች ገንዘብ ጠያቂዎች ቀድሞ የመከፈል መብት ይሰጠዋል። አዋጅ ቁጥር 97/1990 ደግሞ ባንኮችን ከሌላው አበዳሪ ለየት ያደርጋቸዋል። በብድር ውሉ ላይ ስምምነት ካለ፣ ባንኩ ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ መያዣውን ራሱ በሐራጅ ይሸጣል። ክስ መመሥረት፣ ፍርድ መጠበቅ የለበትም። ጋዜጣ ላይ ያያችሁት ማስታወቂያ ይኸው ነው። ማሽኖቹን በተመለከተ የሚንቀሳቀስ ንብረት የዋስትና መብት አዋጅ ቁጥር 1147/2011 አለ፤ ቅድሚያው በአብዛኛው የሚወሰነው በምዝገባ ነው።

እንግዲህ ሁለት ሕጎች ሁለቱም «ቅድሚያ» ይላሉ። ሲጋጩስ? የሠራተኛ ጠበቃ እንዲህ ይከራከራል፦ የሠራተኛው አዋጅ «ከሌሎች ዕዳዎች» ሲል በመያዣ የተደገፈውን ለይቶ አላወጣም፤ የባንክ ብድርም ዕዳ ነው፤ አዋጁ ልዩ ሕግ ነው፤ ከፍትሐ ብሔር ሕጉም በኋላ የወጣ ነው። የባንክ ጠበቃ ደግሞ፦ መያዣ ንብረቱ ላይ የተጣበቀ መብት ነው፤ የሠራተኛው ቅድሚያ የሚሠራው መያዣ በሌለው ንብረት ላይና ከመያዣው በተረፈው ገንዘብ ላይ ብቻ ነው፤ ባይሆን ማን ባንክ ለማን ያበድራል? ይላል። እኔ የአዋጁን ቃል ሳነበው ወደ ሠራተኛው ያደላል ባይ ነኝ። ክርክሩን አቅርቡት፤ አትተዉት። የጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎት የሚሰጠው የሕግ ትርጉም የታች ፍርድ ቤቶችን ሁሉ ስለሚያስገድድ፣ ጠበቃችሁ ችሎት ከመቅረቡ በፊት በተከታታይ ጥራዞች (ቅጾች) የታተሙትን የችሎቱን ውሳኔዎች መፈተሽ አለበት። ነገር ግን የ38 ሰው ጉሮሮ በዚህ አንድ ክርክር ላይ አይንጠልጠል። እናንተ የሕግ ነጥብ ስትከራከሩ ባንኩ ሕንፃውን ሸጦ ሒሳቡን ዘግቶ ይጨርሳል።

ቅድሚያ ማለት ወረፋ ላይ ፊት መቆም ነው። ሸማቾች ሱቅ ፊት ለፊት አንደኛ ብትቆሙም ዘይቱ ካለቀ አንደኝነታችሁ ምንም አይፈይድም። ስለዚህ «ማን ይቀድማል?» ከሚለው ይልቅ ልትጠይቁት የሚገባው «ባንኩ ያልያዘው ምን ንብረት አለ? ሌላ ሰው ሳይወስደው በፍርድ ቤት እንዴት እናስይዘው?» የሚለው ነው።

ከዚያ በፊት አንድ ነገር ይስተካከል። በሩ ተቆለፈ ማለት ድርጅቱ ፈረሰ ማለት አይደለም። በሕግ አጣሪ ካልተሾመ ወይም ፍርድ ቤት ኪሳራ ካላወጀ ድርጅቱ አሁንም በሕይወት አለ። ይከሰሳል፤ ይፈረድበታል፤ ንብረቱም ይያዛል። የባንክ ሐራጅም ኪሳራ አይደለም። ባንኩ የራሱን ገንዘብ እየሰበሰበ ነው፤ የእናንተን ድርሻ የመቁጠር ሥራ ማንም አልሰጠውም። ብዙ ሠራተኛ «ሐራጁ ይውጣና ይደርሰናል» ብሎ ሲጠብቅ የሚያልፍበት በዚህ ምክንያት ነው። ካልጠየቃችሁ ማንም አይጠራችሁም።

አሁን ወደ ጊዜው ልምጣ። የደመወዝ፣ የትርፍ ሰዓትና የመሳሰሉት ክፍያዎች መከፈል ከነበረባቸው ቀን አንሥቶ በስድስት ወር ውስጥ ካልተጠየቁ በይርጋ ይታገዳሉ፤ ማለትም የመጠየቂያ ጊዜያቸው ያልፋል። ከሥራ ውል መቋረጥ ጋር የሚመጡ ክፍያዎችም ውሉ ከተቋረጠ ጀምሮ ስድስት ወር አላቸው። ልብ በሉ፣ የእያንዳንዱ ወር ደመወዝ የራሱ ሰዓት አለው። ያልተከፈላችሁ የመጀመሪያ ወር አራት ወር አልፎታል። «ታገሱኝ» እየተባለ ሁለት ወር ከተጨመረበት ያ ወር ሊታገድ ነው ማለት ነው። ቀጥሎ ሁለተኛው፣ ቀጥሎ ሦስተኛው።

ይርጋውን የሚያቋርጡ ነገሮች አሉ። ፍርድ ቤት ክስ ማቅረብ ያቋርጠዋል። ሕጉን ለሚያስፈጽመው የመንግሥት አካል አቤት ማለትም በጽሑፍ የመጨረሻ ውሳኔ እስኪሰጥ ድረስ ያቋርጠዋል፤ በአዲስ አበባ ይህ የሥራና ክህሎት መዋቅር ነው። አሠሪው ዕዳውን በግልጽ ማመኑም እንዲሁ፤ ሆኖም በዚህ ምክንያት ከሦስት ጊዜ በላይ ማቋረጥ አይቻልም። ባለቤቱ በስልክ «አውቃለሁ፣ እከፍላለሁ» ማለታቸውን ግን ችሎት ፊት ማን ያስረዳል? የላኩት የጽሑፍ መልእክት ካለ አታጥፉት። ፊርማና ማኅተም ያለበት ደብዳቤ ከተገኘማ ወርቅ ነው።

ስንት ትጠይቃላችሁ? እዚህ ላይ ሠራተኛው ራሱ አሳንሶ ይጠይቃል። አራት ወር ደመወዝ ብሎ ይከስና ይቀመጣል። ድርጅቱ በኪሳራም ሆነ በሌላ ምክንያት ለዘለቄታው ሲዘጋ የሥራ ውሉ በሕግ ይቋረጣል፤ ያኔ የሥራ ስንብት ክፍያም ይመጣል። ስሌቱ ለመጀመሪያው ዓመት አገልግሎት በመጨረሻው ሳምንት አማካይ የቀን ደመወዝ 30 ጊዜ ተባዝቶ ነው። ለእያንዳንዱ ተጨማሪ ዓመት የዚያ አንድ ሦስተኛ ይጨመራል፤ ጠቅላላው ከ12 ወር ደመወዝ አይበልጥም። ውሉ የተቋረጠው ድርጅቱ በመዘጋቱ ከሆነ ደግሞ የቀን ደመወዝ 60 ጊዜ ተባዝቶ በላዩ ይታከላል። የእርስዎ የቀን ደመወዝ 400 ብር ነው እንበል። ለመጀመሪያው ዓመት 12,000፣ ለቀሩት አምስት ዓመታት 20,000፣ በመዘጋቱ 24,000። ድምሩ 56,000 ብር ይሆናል። አራት ወር ያልተከፈለው 48,000 ሲጨመር 104,000። ያልተወሰደ የዓመት ዕረፍት በገንዘብ ተለውጦ ይደመራል። በተጨማሪም ውሉ ሲቋረጥ ክፍያው በሰባት የሥራ ቀናት ውስጥ መፈጸም ነበረበት፤ በመዘግየቱ ፍርድ ቤቱ እስከ ሦስት ወር ደመወዝ የሚደርስ ክፍያ ሊያዝ ይችላል። የቅድሚያ መብቱ ከሥራ ግንኙነት የሚመነጭ «ማንኛውም» ክፍያ ስለሚል ስንብቱንም ያቅፋል። ስለዚህ ግማሹን ትታችሁ አትክሰሱ።

አሁን ዋናው ጉዳይ፣ ንብረቱ። ማተሚያ ቤት ማለት ሕንፃና ሁለት ማሽን ብቻ አይደለም። መጋዘን ውስጥ ወረቀት፣ ቀለምና ፕሌት አለ። መቁረጫው፣ መስፊያው፣ ጄኔሬተሩ፣ ኮምፒዩተሮቹ፣ ዕቃ ማድረሻ መኪናው አሉ። ከሁሉ በላይ ደግሞ የሚሰበሰብ ገንዘብ አለ። በዚህ ከተማ ለመሥሪያ ቤቶችና ለትምህርት ቤቶች የሚያትም ድርጅት ያልተከፈለው ደረሰኝ አያጣም። ለጨረታ ያስያዘው ዋስትናም ሊኖር ይችላል። ይህን ከእናንተ በተሻለ የሚያውቅ የለም። ሒሳብ ክፍል የነበረችው ልጅ ማን ምን ያህል እንዳለበት ታውቃለች። ሹፌሩ ዕቃውን የት እንዳራገፈ ያውቃል። ስቶር የያዘው ሰው ምን እንደቀረ ያውቃል። ዛሬ ተሰብስባችሁ፣ ቡና ቤትም ቢሆን፣ በወረቀት ላይ አስፍሩት። እያንዳንዱ ንብረት የት አለ? በማን ስም ነው? ባለዕዳው ማን ነው? በስንት ቀን የተጻፈ ደረሰኝ?

ቀጥሎ ከዚህ ውስጥ ባንኩ የቱን እንደያዘ አጣሩ። የሕንፃው መያዣ ካርታው ባለበት የመሬት ይዞታ ምዝገባ ጽሕፈት ቤት ይታያል። መያዣ ከተመዘገበ አሥር ዓመት ካለፈውና ካልታደሰ ኃይሉን ያጣል፤ አልፎ አልፎ የሚገኝ ክፍተት ስለሆነ ቀኑን ሳታዩ አትለፉ። የሚንቀሳቀሱት ደግሞ በብሔራዊ ባንክ ሥር ባለው የዋስትና መዝገብ ይፈተሻሉ። ባንኩ «ማሽኖቹ ሁሉ» ብሎ ይናገር ይሆናል፤ የተመዘገበው ግን ሁለቱ ብቻ ሊሆን ይችላል። ያልተመዘገበው ላይ ክርክሩ የእናንተ ነው።

ከዚያ ክስ ስታቀርቡ አብራችሁ የእግድ ማመልከቻ አስገቡ። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ከቁጥር 151 ጀምሮ፣ ተከሳሹ ፍርዱን ለማሰናከል ንብረቱን ሊያሸሽ ነው ተብሎ በቂ ምክንያት ሲቀርብ፣ ከፍርድ በፊት ንብረት እንዲያዝ ይፈቅዳል። «ይሸሽብናል» ብቻ አይበቃም። በሌሊት ወረቀት የጫነ መኪና ያየ ሰው ካለ በቃለ መሐላ ይደገፍ። ለደንበኞቹ መሥሪያ ቤቶችም ትእዛዝ ይጠየቅ፦ ለማተሚያ ቤቱ ሊከፍሉት ያለውን ገንዘብ እንዳይከፍሉት፣ ይዘው እንዲቆዩ።

ሐራጁን ራሱን ለማስቆም ግን ጉልበታችሁን አታባክኑ። ባንክ በአዋጅ 97/1990 የሚያካሂደውን ሽያጭ ፍርድ ቤት በቀላሉ አያግድም። በተበዳሪው ላይ ስሕተት ቢሠራ እንኳ ሕጉ የሚያሳየው መንገድ ካሣ ነው። እናንተ ዓይናችሁን ማሳረፍ ያለባችሁ ሽያጩ ላይ ሳይሆን ገንዘቡ ላይ ነው። ባንኩ ዕዳውን፣ ወለዱንና ወጪውን ከቀነሰ በኋላ የሚተርፍ ካለ ለባለዕዳው ይመልሳል። ሜክሲኮ አካባቢ ያለ ሕንፃ ከብድሩ በላይ ቢሸጥ አይገርምም። ያ ትርፍ አሠሪያችሁ እጅ ከገባ ግን ማታ የት እንደሚያድር አይታወቅም። ስለዚህ ፍርድ ቤቱ ለባንኩ ትእዛዝ እንዲጽፍ ጠይቁ፦ ትርፉ ለተበዳሪው እንዳይከፈል፣ በሞዴል 85 (በፍርድ ቤት የገንዘብ መቀበያ ደረሰኝ) ገቢ እንዲሆን ወይም ታግዶ እንዲቆይ። ይህ ትእዛዝ ከሐራጁ ቀን በፊት ባንኩ ዘንድ መድረስ አለበት። ገዢ ጠፍቶ ባንኩ ንብረቱን ራሱ ቢረከበው ደግሞ የምትካፈሉት ጥሬ ገንዘብ አይኖርም፤ ይህም ሊሆን እንደሚችል እወቁት። የሠራተኛ ቅድሚያ አለን የሚለውን ክርክርም በዚሁ ደረጃ፣ በሽያጩ ገንዘብ ላይ አንሡት። ባንኩ በበኩሉ እናንተ ባስያዛችሁት ንብረት ላይ በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 418 ተቃውሞ ሊያቀርብ ይችላል። ያኔ የምዝገባ ማስረጃውን አምጣ በሉት።

«ለምን ኪሳራ አናሳውጅም?» የሚል አይጠፋም። የንግድ ሕጉ፣ አዋጅ ቁጥር 1243/2013፣ ገንዘብ ጠያቂ ይህን እንዲጠይቅ ይፈቅዳል። ጥቅሙ የከሰረውን ድርጅት ንብረት የሚይዝ ባለአደራ ተሹሞ ሒሳቡ መመርመሩ፣ ከኪሳራው በፊት ለዘመድ የተሻገረ ንብረትም ሊመለስ መቻሉ ነው። ጉዳቱ ርዝመቱና ወጪው ነው። በእናንተ ሁኔታ አልመክረውም። ማሽኖች በወንድም ወይም በአማች ስም መዞራቸውን የሚያሳይ ሰነድ ካገኛችሁ ግን ሐሳቤን እለውጣለሁ። አጣሪ ወይም ባለአደራ ቀድሞ ከተሾመም የራሳችሁን መዝገብ ይዛችሁ ብቻ አትቀመጡ፤ በጋዜጣ በሚወጣው ጥሪ መሠረት በጊዜው የዕዳ ጥያቄያችሁን አስመዝግቡ።

ገቢዎችም በወረፋው ላይ እንደሚመጣ አትርሱ። የታክስ ሕጉም የራሱን ቅድሚያ ይዟል። ጡረታው ሌላ ነው፦ ከደመወዛችሁ 7 በመቶ ተቆርጦ አሠሪው ከራሱ 11 በመቶ ጨምሮ ማስገባት ነበረበት። ተቆርጦ ያልገባ ካለ ለግል ድርጅቶች ሠራተኞች ማኅበራዊ ዋስትና በጽሑፍ አመልክቱ፤ ገንዘቡን የማስከፈል ሥልጣን አለው።

በሌላ አገር ይህ ሁሉ ሩጫ ቀለል ይላል። ጀርመን ውስጥ ድርጅት ሲከስር የሦስት ወር ደመወዝ ከአሠሪዎች መዋጮ በተቋቋመ ፈንድ ይከፈላል። ፈረንሳይም ተመሳሳይ ሥርዓት አላት። ህንድ እ.ኤ.አ. በ2016 ባወጣችው የኪሳራ ሕግ የ24 ወር የሠራተኛ ክፍያን መያዣቸውን ለጋራ ክፍፍል ከለቀቁ አበዳሪዎች እኩል አስቀምጣለች። እኛ ጋ ፈንድ የለም። ሠራተኛውን ከባንክ ጋር አንድ ሕንፃ ላይ ማፋጠጥ ለሁለቱም አይበጅም ብዬ አምናለሁ፤ ግን ያ የሕግ አውጪው ሥራ ነው፤ ለናንተ ዛሬ አይደርስም።

ሁለት ነገር ፈጽሞ አታድርጉ። ባለቤቱ ወይም ተወካያቸው «የአንድ ወር ልስጣችሁና ይህን ፈርሙ» ብለው ቢመጡ ወረቀቱን አንብቡ። «በራሴ ፈቃድ ሥራ ለቅቄያለሁ» ወይም «ምንም ቀሪ ክፍያ የለኝም» የሚል ካለበት እጃችሁን ሰብስቡ። በዚያች ፊርማ ስንብቱንም የ60 ቀኑንም ልታጡ ትችላላችሁ። ገንዘቡን «በከፊል ተቀብያለሁ» ብላችሁ መቀበል ትችላላችሁ። ሁለተኛ፣ ማንም ሰው ኮምፒዩተር ወይም ወረቀት «በደመወዜ» ብሎ ወደ ቤቱ እንዳይወስድ። ሕጉ ዕቃ የመያዝ መብት የሚሰጠው በቤታቸው ሆነው ለድርጅቱ ለሚያመርቱ ሠራተኞች፣ እጃቸው ላይ ባለው ራሳቸው ባመረቱት ዕቃ ብቻ ነው። ከዚያ ውጭ ከባለመብትነት ወደ ተከሳሽነት ትዞራላችሁ።

ስለዚህ ምክሬ ይህ ነው። ሐራጁን አትጠብቁ፤ ባለቤቱንም አትጠብቁ። በዚህ ሳምንት ተወካይ ምረጡ፤ የቅጥር ደብዳቤ፣ የደመወዝ ስሊፕ፣ የባንክ ስቴትመንትና መታወቂያ ሰብስቡ። በፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት የሥራ ክርክር ችሎት ሁላችሁም በአንድ ላይ ክሰሱ። ጉዳዩ ለየግል የሚከፈል ገንዘብ ስለሆነ የወል የሥራ ክርክር ወደሚያየው የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ ቦርድ አይደለም የምትሄዱት። የዳኝነት ክፍያ አትከፍሉም። አዋጁ ፍርድ ቤቱ በ60 ቀን እንዲወስን ይላል፤ በተግባር ሊዘገይ ስለሚችል የእግዱን ማመልከቻ ከክሱ ጋር በአንድ ቀን አስገቡ። የሠራተኛ ማኅበር ካላችሁ በኢሠማኮ (የኢትዮጵያ ሠራተኛ ማኅበራት ኮንፌዴሬሽን) በኩል የሕግ ድጋፍ ጠይቁ፤ ከሌላችሁ የዩኒቨርሲቲ ነፃ የሕግ ድጋፍ ማእከላትን ሞክሩ። ለባንኩም ግልባጭ ያለው ደብዳቤ አስገብታችሁ ቀን ያለበት ማኅተም አስመቱበት።

የክፍል ኃላፊያችሁን በተመለከተ፣ ወሳኙ ማዕረጋቸው ሳይሆን ሥልጣናቸው ነው። ሠራተኛ የመቅጠር፣ የማዛወር፣ የማገድና የማሰናበት፣ ወይም የድርጅቱን አመራር የመወሰን ሥልጣን ከነበራቸው «የሥራ መሪ» ናቸው። የሥራ መሪ በዚህ አዋጅ አይሸፈንም። ክፍያቸውን በፍትሐ ብሔር ሕግ መሠረት በሌላ መዝገብ ይጠይቃሉ፤ የሠራተኛውን ቅድሚያም ከአዋጁ መጥቀስ አይችሉም። ከእናንተ ጋር አስገብታችኋቸው ተከሳሹ ያንን ቢያነሣ መዝገባችሁ በመቃወሚያ ይጓተታል። ሥልጣን ሳይኖራቸው ፈረቃ የሚያስተባብሩ ብቻ ከነበሩ ግን እንደ እናንተው ሠራተኛ ናቸው፤ የሥራ መዘርዝራቸውን ይዘው ይምጡ። በኤጀንሲ በኩል የተቀጠሩ ጥበቃና ጽዳት ካሉ ደግሞ ቀጣሪያቸው ኤጀንሲው ስለሆነ ክሳቸው ወደዚያ ነው።